ተራራውን የተበቀልኩበት ባሕር ዛፍ

ተራራን መበቀል ይቻላል። የማይቻል የሚመስለው ቂም ይዞ ለማያውቅ ሰው ነው። እኔ ከአሥር ዓመቴ ጀምሮ በአንድ ተራራ ላይ ቂም ይዤ አደግሁ፣ ተማርኩ፣ አስተማሪ ሆንኩ፤ አቅም ሳገኝ ደግሞ ተበቀልኩት። ተራራው ከነቀምቴ አይታይም። በከተማው ከኒሳ ቀሴ ሰፈር ካለው ቤቴ በረንዳ ላይ ቆሜ ብንጠራራም የሚታየኝ የጎረቤት ቆርቆሮና አንድ ትልቅ የአቮካዶ ዛፍ ነው። የተራራውን ስም አልጽፍም፤ ብጽፈው ያከበርኩት ይመስለኛል። እዚያ ያደገ ሰው ሁሉ «ቱሉ» ብቻ ይለዋል፤ በኦሮምኛ ተራራ ማለት ነው፤ በዓለም ላይ ሌላ ተራራ የሌለ ይመስል።

የማስተምረው ጂኦግራፊ ነው። በየዓመቱ ስለ ደጋና ውርጭ አገሮች የማስተምርበት ሳምንት ሲመጣ ጥቁር ሰሌዳው ላይ ያንን ተራራ እስለዋለሁ። መጽሐፉ ውስጥ ያለው ሥዕል የሌላ አገር ተራራ ስለሆነ ለተማሪዎቼ ምንም አይነግራቸውም። «ቲቸር፣ ይሄን ተራራ ሲስሉ ሁልጊዜ ጠመኔ ይሰበራል» ይሉኛል። እውነታቸውን ነው። ከአሁኖቹ ተማሪዎቼ ውስጥ ቱሉን ያየ አንድም የለም፤ እኔ ግን ዓይኔን ጨፍኜ ከግርጌው እስከ ጫፉ እወጣዋለሁ። ጠላትን እንደዚያ ካላወቁት ምን ያደርጉታል?

ታች ቡናና በቆሎ ነው። አፈሩ ቀይ ነው፤ ዝናብ ሲመታው ጫማ ላይ ተጣብቆ አልላቀቅ ይላል። ከእርሻው በላይ ዝግባና ጥቁር እንጨት ይመጣል፤ ጉሬዛዎች እዚያ ውስጥ ናቸው። ቀጥሎ ቀርከሃ አለ፤ ተራራውን ዙሪያውን የታጠቀ ጥቅጥቅ ያለ ቀርከሃ፣ እኩለ ቀን ላይ እንኳ ውስጡ ጨለም የሚል። ከቀርከሃው በላይ ኮሶ፣ ከኮሶው በላይ አስታ። አስታን ቆላ የሚኖር ሰው አያውቀውም። ቅጠሉ ቀጫጭን፣ ግንዱ የተጣመመ፣ ጥቃቅን ነጭ አበባ የሚያወጣ የብርድ ዛፍ ነው። ከየቅርንጫፉ ግራጫ የዛፍ ሽበት ተንጠልጥሏል። ጉሙ በዛፎቹ መካከል ሲያልፍ ያ ሽበት እርጥበቱን ይይዝና ጠብ ጠብ ያደርገዋል፤ ዝናብ ሳይዘንብ ከዛፉ ሥር መሬቱ ርሶ ይውላል። በልጅነቴ ተራራው የሚያለቅስ ይመስለኝ ነበር። ያልቅስ፣ እል ነበር።

አስታው ሲያልቅ ድንገት ሜዳ ነው። ጥቁር ድንጋይ እዚህም እዚያም ፈጥጧል፤ ጅብራ የሚባለው ሰው የሚያክል የብርድ ተክል በየቦታው ለብቻው ቆሟል፤ ነፋሱ የሚያርፍበት ዛፍ ስለሌለ ጆሮ ላይ ያርፋል። ጠዋት ጥርት ብሎ የነበረው ሰማይ ረፋዱ ላይ በጉም ይሞላል። ጉሙ ከላይ አይመጣም፤ ከገደሉ በታች ተነሥቶ ሽቅብ ይወጣል፤ እግርን ሸፍኖ ነው ወደ ፊት የሚደርሰው። ሳሩ ምንጣፍ አይደለም፤ ጉች ጉች እያለ፣ በየጉብታው ተቧድኖ፣ ጸጉሩን አንጨብርሮ ይበቅላል። በተራራው ሁለት ጫፎች መካከል፣ ልክ የኮርቻ መቀመጫ ዝቅ እንደሚለው ዝቅ ባለው ቦታ ላይ ደግሞ ጨፌው አለ።

ጨፌው ረግረግ ነው። ከሩቅ ሲያዩት ለምለም መስክ ይመስላል፤ በበጋ ታች ያለው ሁሉ ሲደርቅ እሱ ብቻ አረንጓዴ ሆኖ ይጠራል። ሲረግጡት ይንቀጠቀጣል። አንድ ሰው እዚህ ቢዘል አሥር እርምጃ ርቆ የቆመው ሰው እግሩ ሥር ይሰማዋል። ሳሩ የቆመው መሬት ላይ ሳይሆን በጥቁር ጭቃ ላይ በተንሳፈፈ ሥር ላይ ነው። የሚጠራቀመው ውሃ ሻይ ይመስላል። ያ ሻይ የመሰለ ውሃ ተራራው ውስጥ ገብቶ፣ ድንጋዩ አጣርቶት፣ ግርጌው ላይ ከእናቴ ቤት ጓሮ ምንጭ ሆኖ ይወጣል፤ ንጹሕ፣ ጥርስ እስኪያምም ቀዝቃዛ። የእናቴን ምንጭ አትርሱብኝ፤ እኔ ረስቼው ነበር።

አባትና እናቴ ከወሎ ነው የመጡት፤ በዚያ ክፉ ድርቅ ጊዜ በሰፈራ። መጀመሪያ ያሰፈሯቸው ቆላ ነበር። አባቴ ውርጭ ላይ ተወልዶ ያደገ ሰው ነበርና ሙቀቱንና ወባውን አልቻለውም። አንድ ቀን ከሩቅ ሰማያዊ ሆኖ የሚታየውን ተራራ አይቶ፣ እናቴን ይዞ፣ ማንንም ሳያስፈቅድ ወደ እሱ ሄደ። እኔ ሴት ልጃቸው የተወለድኩት እዚያ ግርጌው ላይ ነው። እናቴ እንደምትናገረው፣ አባቴ መጀመሪያ የወጣ ዕለት የአስታ ቅርንጫፍ ይዞ እየሮጠ ወረደ። «አገሬ እዚህ ነው! ወላሂ አገሬ ተከትሎኝ መጥቷል!» አላት። አስታውም፣ ጅብራውም፣ ጉች ጉች ያለው ሳርም ልክ የእነሱ አገር ነው። ሳሩን ጓሳ አለው። እነሱ አገር በጓሳ ቤት ይከደናል፣ ገመድ ይገመዳል። እዚህ ያሉት ሰዎች ሌላ ስም ነበራቸው፤ አባቴ ግን አልጠየቀም።

የቂሜ ሥር እዚህ ነው። ተራራው መጥፎ ቢመስለው ኖሮ አባቴ ይጠነቀቅ ነበር። አገሩን መስሎ ነው ያታለለው።

ከቤታችን ቀጥሎ አንድ የአካባቢው ሽማግሌ ነበሩ፤ ሁላችንም «ኦቦ»፣ አቶ እንደማለት፣ እያልን እንጠራቸው ነበር። ለአባቴ የመጀመሪያውን ዘር የሰጡት፣ እኔን ኦሮምኛ ያስተማሩኝ እሳቸው ናቸው። በበጋ ከብት ወደ ጨፌው የሚገባበት ሥርዓት ነበራቸው። ማንም ከብቱን ዝም ብሎ አይነዳም። እዚያው ስትግጥ ያረጀች አንዲት ላም ቀድማ ትገባለች። ሌሎቹ በእርሷ ዱካ አንድ በአንድ ይከተላሉ። አሽትታ እምቢ ያለችበትን ማንም አይረግጥም፤ ስትቆም ሁሉም ይቆማል። ሌላም ነገር ነበር፤ ጨፌው ላይ ከብት አይታሰርም። ልቅ የሆነ ከብት መሬቱ ሲከዳው ራሱ ይወጣል፤ የታሰረ ግን መሄጃ የለውም።

አባቴ ይህን ሁሉ ይሰማና ይስቅ ነበር። እነሱ አገር ገደል ስላለ ተራራ ላይ የሚግጥ በሬ ይታሰራል፤ ያላሰረ ሰነፍ ይባላል።

ሁለት በሬ ነበረን፤ ጥቁሩና ዳልቻው። የዚያ ዓመት በጋ ረዘመና ዳልቻው አጥንቱ ወጣ። አባቴ አንድ ጠዋት ሊያወጣው ሲነሣ ኦቦ በአጥሩ ላይ አስቆሙት። የሰንበት ልብሳቸውን ለብሰው፣ መጽሐፋቸውን በብብታቸው ይዘው ወደ ጸሎት ቤት እየሄዱ ነበር።

«አካም ቡልቴ፣ እንዴት አደርክ። ወዴት ነው?»

«ዳልቻውን ጨፌ ላውለው ነው።»

«ማሎ፣ እባክህ፣ ዛሬ እሁድ ነው። ነገ አሮጊቷን ላሜን አስቀድመን አብረን እንገባለን። አንድ ቀን አይጎዳውም።»

«አብሽር ኦቦ! እኔ ጓሳ ላይ ነው ተወልጄ ያደግሁት። ጓሳ የያዘ መሬት በሬ ይሸከማል እንጅ አይውጥም። ላም እንድትመራኝ አልፈልግም።»

ይህን ሲል በሩ ላይ ቆሜ ነበር። ኮራሁበት። ኦቦ ራሳቸውን ነቅንቀው ሄዱ።

ማታ ላይ፣ ፀሐይ ሳትጠልቅ፣ አባቴ ብቻውን ወረደ። እስከ ደረቱ ጥቁር ጭቃ ሆኖ ነበር። ጥፍሮቹ ደምተዋል። እናቴ «በሬውስ?» አለችው። «ዋጠው» አለ። እናቴ እጁን ይዛ ወደ ጓዳ አስገባችው፤ እዚያ ለረጅም ጊዜ ሲንሾካሾኩ ሰማሁ። እኔ ውጭ ቆሜ ሽቅብ አየሁ። ተራራው ጉሙን ተከናንቦ፣ ምንም እንዳላደረገ ሆኖ ተቀምጧል። ድንጋይ አንሥቼ ወረወርኩበት። የጎመን መደብ ላይ ወደቀ።

ከዚያ በኋላ ያለውን ቁጭ ብሎ መናገር ያንገበግበኛል። አንድ በሬ አያርስም። ኦቦ ማንም ሳይጠይቃቸው የራሳቸውን በሬ ለመቀናጆ አመጡ፤ አንዱ የእኛ፣ አንዱ የእሳቸው ተጠምዶ በተራ እንዲታረስ። አባቴ ተቀበለ። ግን ከዚያ ቀን ጀምሮ በገዛ ማሳው ላይ እንግዳ ሆነ። ድምፁን ከፍ አድርጎ በሬ አይነዳም። መሬቱም በጊዜው አልደርስ ስላለ፣ የቀረውን በዶማ የምቆፍረው እኔና እናቴ ሆንን፤ ሁለት ዓመት ከትምህርት ቤት ቀረሁ። መዳፌ ላይ የቀረው ጠባሳ ዛሬም ጠመኔ ስይዝ ይሰማኛል። አባቴ ደግሞ የቤቱን በር ደፈነው። በሩ ድሮ ወደ ተራራው ነበር የሚከፈተው፤ ደፍኖ በጀርባ በኩል ሌላ ከፈተ። «ነፋስ ይገባል» አለ። ተራራውን ዳግመኛ አልወጣውም፤ ቀና ብሎም አላየውም። ያ አስታ ይዞ እየሮጠ የወረደ ሰው!

እኔ ግን አየዋለሁ። ዶማዬን ባነሣሁ ቁጥር አየዋለሁ። «ቆይ» እለው ነበር። «ቆይ ላድግ።»

አደግሁ። ነቀምቴ መጥቼ ተማርኩ፤ ጊምቢ አስተማርኩ፤ ተመልሼ ነቀምቴ ተቀጠርኩ። ኮሌጅ ሳለሁ አንድ መምህር ረግረግ እንዴት እንደሚጠፋ ሲያስረዳን ደብተሬ ላይ ሦስት ጊዜ አሰመርኩበት። መጀመሪያ ቦይ ትቆፍራለህ፤ ውሃው ይወርዳል። ከዚያ በቦዩ ዳርና ዳር ውሃ የሚመጥ ዛፍ ትተክላለህ። መምህሩ ይህን የነገሩን እንዳናደርገው ነበር። እኔ የሰማሁት እንዴት እንደሚደረግ ብቻ ነው።

ጊዜው ደረሰ። በየክረምቱ ችግኝ የሚተከልበት ዘመን መጣ፤ እኔ ደግሞ የትምህርት ቤቱ የአካባቢ ጥበቃ ክበብ ኃላፊ ነበርኩ። ቦታ እንድንጠቁም ስንጠየቅ ተራራውን ጠቆምኩ። ቅጹ ላይ «የመሬቱ ሁኔታ» የሚል ነበር፤ «ባዶ» ብዬ ጻፍኩ። ዝግባና ወይራ ሊሰጡን ነበር፤ «እዚያ ብርድ አይችሉም፤ ነጩን ባሕር ዛፍ ስጡኝ» አልኩ። ማንም ምንም አላለኝም። ጂኦግራፊ አስተማሪ ናት፣ ታውቃለች ተባለ። በእርግጥም አውቅ ነበር።

የዚያን ጊዜ ተማሪዎቼን ይዤ ሦስት ቀን ቆፈርን። ትልቁን ቦይ በኮርቻው መካከል አወረድነው፤ እስከ ወገቤ ጥልቀት። የመጨረሻውን የሣር ግድግዳ ራሴ ነኝ በዶማ የመታሁት። ያ ሻይ የመሰለ ውሃ መጀመሪያ አመንትቶ፣ ቀጥሎ ጎርፎ፣ በገደሉ በኩል ወረደ። ድምፁን ስሰማ እንባዬ መጣ። ደስ አለኝ። አልዋሽም፤ እንደዚያ ቀን ደስ ብሎኝ አያውቅም። ውጥ እንግዲህ! አልኩት፣ አሁን ውጥ! ተማሪዎቹ ለባሕር ዛፉ የምጸልይ መስሏቸው አንገታቸውን ደፉ።

በሁለተኛው ቀን ኦቦ መጥተው ነበር። በጣም አርጅተዋል፤ በዱላ ተደግፈው፣ ቀርከሃው ውስጥ ደጋግመው እያረፉ፣ ግማሽ ቀን ፈጅተው ነው የወጡት። የቦዩ ጫፍ ላይ ቆመው ብዙ አዩ።

«ማሎ ኢንታላ ኮ» አሉኝ፤ እባክሽ ልጄ ማለታቸው ነው። «እዚህ የምትቆርጪው ጡት ነው። ታች ያለነው ሁሉ ከዚህ ነው የምንጠባው።»

«ኦቦ፣ ይሄ ጡት የአባቴን በሬ በልቷል» አልኳቸው።

«በሬው…» ብለው ጀመሩና ተዉት። ዓይን ዓይኔን አዩኝ፤ ከዚያ ዱላቸውን ይዘው ተመለሱ። የጀመሩትን እንዲጨርሱ አልጠየቅኳቸውም። ሰው ሊያስቆመኝ የመጣ ስለመሰለኝ ተቆጥቼ ነበር። እንዲያውም ችግኞቹን እንድናጠጋጋ ያዘዝኩት እሳቸው ከሄዱ በኋላ ነው።

ስንወርድ በቀጥታ ወደ አባቴ ሄድኩ። ደጃፉ ላይ፣ ለተራራው ጀርባውን ሰጥቶ ተቀምጧል። የዳልቻውን ደም መለስኩ አልኩት። ጨፌውን አደረቅነው፤ ባሕር ዛፍ ተከልንበት፤ ከእንግዲህ ማንንም አይውጥም። ይስቃል፣ ይመርቀኛል ብዬ ነበር። የያዘውን ብርጭቆ አስቀመጠ።

«ቦዩን ምን ያህል አጠለቃችሁት?»

«እስከ ወገቤ።»

«በየት በኩል?»

«በመካከሉ፤ ከትልቁ ጥቁር ድንጋይ ፊት ለፊት።»

«በቃ፣ ከዚህ በላይ አትቆፍሪ» አለኝና ወደ ውስጥ ገባ። ለተራራው ያዘነ መስሎኝ ተናደድኩበት። ይህን ያህል ተጎድቶ አሁንም ያሳዝነዋል እንዴ? ብዬ ሳልሰናበተው ወደ ነቀምቴ ተመለስኩ። አባቴ በቀጣዩ ዓመት ሞተ።

ከዚያ መንገዱ የማይሄዱበት ሆነ። ሰው ከቀዬው የተነቀለባቸው እነዚያ ዓመታት መጡ፤ ስለ እነሱ መጻፍ አልፈልግም። ሰዎች እናቴን ይዘውልኝ መጡና በከኒሳ ቀሴ እኔ ዘንድ ተቀመጠች። አራት ነገር ይዛ ነው የመጣችው፤ ነጠላዋን፣ መስገጃዋን፣ የአባቴን ኮትና ከምንጯ የቀዳችውን አንድ ጀሪካን ውሃ። ያንን ውሃ እያብቃቃች ጠጣችው። ሲያልቅባት የቧንቧውን ቀምሳ ፊቷን አኮማተረች።

«ይሄ ዝገት ነው» አለችኝ።

«እማ፣ ከተማው ሁሉ የሚጠጣው ይህን ነው።»

«ይጠጡ። እኔ የራሴ ውሃ አለኝ፤ መንገዱ እስኪከፈት እጠብቃለሁ።»

ቡርቃ ጃቶ ሰፈር ድረስ ሄጄ የምንጭ ውሃ ነው የተባለ አመጣሁላት፤ እሱም አልሆናትም። ሌላ ነገር አልጠየቀችኝም። ልብስም፣ መድኃኒትም፣ ወሬም አልፈለገችም። ቤቷ ይቁም ይፍረስ ብላ አልጠየቀችም፤ ምንጩን ብቻ። ማታ ማታ ከተኛችበት ሆና ስለ እሱ ታወራለች፤ በስተግራ ድንጋዩ ላይ የበቀለው አረንጓዴ ሽበት፣ ቀዳዳው ላይ ያስቀመጠችው ጠፍጣፋ ድንጋይ፣ በበጋም በክረምትም ያው መሆኑ። እኔ እሰማለሁ፤ ባሕር ዛፌ ግን ትዝ አይለኝም። በካርታ ላይ ምንጭና ረግረግን በሰማያዊ መስመር የማገናኝ አስተማሪ ነኝ፤ በገዛ እናቴ ጓሮ ግን ሁለቱን አላገናኘኋቸውም። ቂም እንዲህ ያሳውራል።

መንገዱ ሲከፈት ይዣት ሄድኩ። ቤቱ ቆሟል፤ ጣሪያው ግን ሰምጧል። ኦቦ በእነዚያ ዓመታት አርጅተው አርፈዋል፤ ልጆቻቸው አቅፈው ተቀበሉን። እናቴ ከማንም ጋር አልተቀመጠችም። በቀጥታ ወደ ጓሮ ሄደች፤ እኔም ተከተልኳት። ጠፍጣፋው ድንጋይ ነበር። ሽበቱ ደርቆ፣ ቡናማ ሆኖ፣ ሲነኩት ይፈረፈራል። ከቀዳዳው ጫፍ አንድ ጠብታ ተንጠልጥላ፣ ወድቃ፣ ቀጣይዋ እስክትመጣ ብዙ ቆየች። እናቴ መዳፏን ከሥር ዘርግታ ጠበቀች። ቀጥሎ፣ ቀስ ብላ፣ ቀና ብላ ወደ ተራራው አየች። እኔን አላየችኝም። ባየችኝ ይሻለኝ ነበር።

በማግስቱ ጠዋት ብቻዬን ወጣሁ። ቀርከሃው እንዳለ ነው፤ ኮሶውም፤ አስታው ግን ሽበቱ ሳስቷል። ሜዳው ላይ ስደርስ ነፋሱ ሌላ ድምፅ ነበረው፤ የባሕር ዛፍ ቅጠል ድምፅ። የእኔ ወታደሮች በሰልፍ ቆመዋል፤ ረዝመዋል፤ ሥራቸውን በደንብ ሠርተዋል። ከሥራቸው ምንም አይበቅልም። ጨፌው ወደ ውስጥ ሰምጧል፤ ጥቁሩ አፈር ተሰነጣጥቋል። ረገጥኩት። አልተንቀጠቀጠም። እዚያ ላይ ብዘል ማንም አይሰማም። ሠላሳ ዓመት የተመኘሁት ይህ ነበር፤ ድል አድርጌ ቆሜ የማደርገው ጠፋኝ።

ቦዩ በዝናብ ተሸርሽሮ ከእኔ ቁመት በልጧል። ወደ ውስጡ ወረድኩ። ከትልቁ ጥቁር ድንጋይ ፊት ለፊት፣ በግድግዳው ላይ ቀንድ ወጥቷል። ጥቁር ሆኗል እንጂ አልፈረሰም፤ ያ አፈር ምንም ነገር አያበሰብስም። በእጄ ጫርኩት። የዳልቻው የዞረ ቀኝ ቀንድ ነው። ከቀንዱ ሥር ጠፍር ገመድ ነበር። አባቴ ጠፍር የሚጎነጉነው እንደ አገሩ በአራት ዘለላ ነው፤ እዚህ በአራት የሚጎነጉን ሌላ ሰው የለም። ገመዱን እየተከተልኩ ጫርኩ። ሁለት ክንድ ያህል ሄዶ አንድ ችካል ላይ ደረሰ። ችካሉ እስከ አናቱ ተመትቶ ገብቷል። ጫፉ ላይ ያለው ቋጠሮ በሬው ሲጎትተው ኖሮ ጥፍር የማያስገባ ሆኗል። ዙሪያውን ጠፍሩ ተቧጭሯል፤ የሰው ጥፍር የቧጨረው።

አባቴ አስሮት ነበር። ጨፌው ላይ፣ እንደ አገሩ ወግ፣ ችካል መትቶ።

ቦዩ ውስጥ ተቀመጥኩ። የሚንቀጠቀጥ ነገር ካለ እኔ ነበርኩ።

ስወርድ እናቴ ከምንጩ ዳር ነበረች። ከጠብታዋ ሥር ጣሳ አስቀምጣለች። ጭቃ የሆነ እጄን አየች፤ ምን እንዳገኘሁ አልጠየቀችኝም።

«እማ፣ አስሮት ነበር» አልኳት።

«አውቃለሁ። የዚያኑ ዕለት ነግሮኛል።»

«እንዴት?»

«አስሮት ድንጋዩ ላይ ጋደም አለ። አስታው አብቦ ነበር። አገሬ አገሬ ሸተተኝ፣ እንቅልፍ ወሰደኝ አለ። በሬው ሲያገሳ ነው የነቃው። ቋጠሮውን ሊፈታ ሞከረ፤ አልተፈታለትም። ቢላ አልያዘም። እስከ መጨረሻው ቀንዱን ይዞት ነበር።» ጣሳውን ትንሽ አስተካከለች። «ኦቦም ያውቁ ነበር። ነጋ ሲባል ሄደው አይተዋል፤ ችካሉን አይተዋል። ሰውየው እንዳያፍር ብለው ለማንም አልተናገሩም።»

«ለእኔ ለምን አልነገርሽኝም? ይሄን ሁሉ ዓመት! እኔ እኮ ተራራው ነው ብዬ…»

ያን ጊዜ አየችኝ። እናቴ ስትቆጣ አትጮህም፤ ድምፅዋ ይቀንሳል።

«ብነግርሽ ምን ትሆኝ ነበር? ይሄን ቂምሽን የት ታወርጅው ነበር? በአባትሽ ላይ ባሕር ዛፍ ልትተክይበት ነበር?»

ጭቃ የሆነ እጄን በቀሚሴ ጠረግሁ።

በማግስቱ ከኦቦ ልጆች መጥረቢያ ተውሼ ወጣሁ። ቂሜ አልበረደም፤ እጄ ላይ ያለው ንዴት ያው የልጅነቴ ንዴት ነው፤ የሚያርፍበት ብቻ ተለወጠ። ባሕር ዛፉን አንድ በአንድ መጣል ጀመርኩ። ቅርንጫፉንና ጭቃውን ወደ ቦዩ መለስኩ። የዳልቻውን ቀንድ፣ ችካሉንና ገመዱን እንደነበሩ አፈር አልብሼ በእግሬ ጠቀጠቅሁ፤ ሌላ ሰው እንዳያገኛቸው። አባቴ የፈራው ይህን ነበር፤ እንግዲህ ይተኛ።

ግን የባሕር ዛፍ ነገር ታውቃላችሁ። የቆረጥኩት ጉቶ ሁሉ ክረምቱ ሲያልፍ ዙሪያውን አቆጠቆጠ። አንድ የነበረው ግንድ ጭፍራ ሆኖ ጠበቀኝ። ትምህርት ቤት በተዘጋ ቁጥር እሄዳለሁ፤ እቆርጣለሁ፤ ያቆጠቁጣል፤ እንደገና እቆርጣለሁ። መሬቱ አንድ ቦታ ላይ፣ ከተደፈነው ቦይ በላይ፣ ባለፈው ጊዜ ትንሽ ራሰ መሰለኝ። ዘልዬ አየሁት። አልተንቀጠቀጠም።

እናቴ ከእኔ ጋር ወደ ነቀምቴ አልተመለሰችም። ለእጅና ለዕቃ የኦቦ ልጆች ከወንዝ ይቀዱላታል፤ የሚጠጣውን ግን ከምንጯ ካልሆነ አልነካም ብላለች። ጣሳዋን ከጠብታዋ ሥር አስቀምጣ፣ ጠዋት ጀምራ ትቀመጣለች። ጣሳው ግማሽ ሲሆን ቀኑ ይመሻል። እኔ በሄድኩ ቁጥር፣ ከተራራው ስወርድ፣ ከንፈሯ ደርቆ እያየሁት፣ ያንን ግማሽ ጣሳ አንሥታ ትሰጠኛለች።

«እማ፣ አንቺ ጠጪው።»

«አይ፣ አንቺ ነሽ የደከምሽበት። ጠጪ።»

እስክጨርሰው ድረስ ዓይኗን ከእኔ ላይ አታነሣም። ሁልጊዜ እጠጣለሁ። ውሃው ባሕር ዛፍ ባሕር ዛፍ ይላል።